ባሮሎ፦ መንደሯና ወይን ጠጁ

ባሮሎ በሰሜን ምዕራብ ጣሊያን፣ በፒየሞንቴ ክልል በኩኔዮ አውራጃ የምትገኝ፣ 700 ገደማ ነዋሪ ያላት መንደር ናት። የአስተዳደር ወሰኗ በሙሉ ተደምሮ 6 ካሬ ኪሎ ሜትር አይሞላም። ከአልባ ከተማ 15 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ ላንጌ በሚባለው የኮረብታ አገር መሃል፣ ከባሕር ወለል በላይ 300 ሜትር ገደማ ላይ ተቀምጣለች። ዓለም የሚያውቃት ግን ስሟን በወሰደው ቀይ ወይን ጠጅ ነው። በዚህ ጽሑፍ ባሮሎ በሴት አንቀጽ ስትጠራ መንደሯ ናት፤ በወንድ ሲጠራ ወይን ጠጁ ነው። ሁለቱን ለይቶ መያዝ ያስፈልጋል፤ ባሮሎ ተብሎ የሚሸጠው ወይን ጠጅ አብዛኛው የሚበቅለው ከመንደሯ ወሰን ውጭ፣ በ10 ጎረቤት መንደሮች መሬት ላይ ነውና። ስሙ የማን ነው? ድንበሩስ የት ላይ ያበቃል? የመንደሯ ታሪክ ግማሹ በዚህ ክርክር ዙሪያ ነው። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መሬቷ

የላንጌ መንደሮች ብዙዎቹ ኮረብታ አናት ላይ የተሠሩ ናቸው። ላ ሞራ ከ500 ሜትር በላይ ላይ ሆና ሸለቆውን ቁልቁል ታያለች፤ ሞንፎርቴና ሰራሉንጋም እንዲሁ ከፍ ብለው ተሰቅለዋል። ባሮሎ ግን ዙሪያዋን በኮረብታ ተከብባ፣ ከመሃል በወጣች ትንሽ ጉብታ ላይ ዝቅ ብላ ተቀምጣለች። ስሟም «ዝቅተኛ ቦታ» ከሚል የጥንት የኬልቶች ቃል የመጣ ነው ይባላል። ይህ አቀማመጥ ከነፋስ ይከልላታል፤ ሙቀትም ይይዝላታል። ዘግይቶ ለሚበስል ወይን ትልቅ ጥቅም ነው።

አፈሩ የጥንት ባሕር ወለል ነው። ከአልባ ወደ ባሮሎ ከሚመጣው መንገድ በስተምዕራብ፣ በባሮሎና በላ ሞራ በኩል፣ ከ7 እስከ 11 ሚሊዮን ዓመት ዕድሜ ያለው ሰማያዊ ግራጫ፣ ኖራ የበዛበት ሸክላ አፈር ይገኛል። እርጥበት ይይዛል፤ ከእሱ የሚወጣው ወይን ጠጅ ሽታው ቶሎ የሚከፈትና ለስለስ ያለ ይሆናል። በስተምሥራቅ፣ በሰራሉንጋና በሞንፎርቴ በኩል፣ መሬቱ ከዚያ የሚያረጅና ጠጣር ነው፤ ሸክላው በአሸዋ ድንጋይ ንጣፍ ይቆራረጣል። ከዚያ የሚገኘው ወይን ጠጅ በወጣትነቱ አፍ ያስራል፣ ዕድሜውም ይረዝማል። ይህ አጠቃላይ መመሪያ እንጂ ሕግ አይደለም፤ በአንድ ቁልቁለት ላይ እንኳ አፈሩ በ100 ሜትር ርቀት ሲለወጥ ይታያል።

ገበሬው መሬቱን የሚጠራበት የራሱ የፒየሞንቴ ቃል አለው። ወደ ደቡብ የዞረውን፣ በክረምት በረዶው ቀድሞ የሚቀልጥበትን ቁልቁለት «ሶሪ» ይለዋል። የኮረብታ አናት «ብሪኮ» ነው። ወይን መሃል የቆመችው፣ መሣሪያ የሚቀመጥባትና ከዝናብ የሚጠለሉባት ጎጆ «ቻቦት» ትባላለች። የጥንት ገበሬ የትኛው መሬት ጥሩ እንደሆነ የሚያውቀው በረዶውን በማየት ነበር፦ ቀድሞ የቀለጠበት ላይ ወይን ይተከላል፤ በረዶው ለሚቆይበት ሰሜናዊ ፊት ደግሞ የሐዘልናት ዛፍ ወይም ጫካ ይተውለታል። የዛሬው ደንብም ይህንኑ ጽፎታል፤ ወደ ሰሜን ፊቱን ያዞረ ቁልቁለት ላይ ለባሮሎ የሚሆን ወይን መትከል አይፈቀድም።

ከመንደሯ ወጥቶ ወደ ሰሜን ምሥራቅ የሚዘረጋው ረጅም ጉብታ ካኑቢ ይባላል። ሁለቱ የአፈር ዓይነቶች የሚገናኙት እዚህ ነው፤ ከሁሉም በፊት የከበረውም ይኸው መሬት ነው። በብራ ከተማ በአንድ ቤተሰብ እጅ የተጠበቀ «ካኑቢ 1752» የሚል ጽሑፍ ያለበት ጠርሙስ አለ። ጠርሙሱ ላይ ባሮሎ የሚል ቃል የለም። የኮረብታው ስም ከወይን ጠጁ ስም ቀድሞ ለገዥ የሚነገር ክብር ነበረው ማለት ነው።

ፋሌቲዎችና የመጨረሻዋ እመቤት

የግንቡ መሠረት ከ10ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ የነበረ መጠበቂያ ማማ ነው። በ1250 የፋሌቲ ቤተሰብ ባሮሎን ከአልባ ከተማ አስተዳደር ገዛ። ፋሌቲዎች ከባንክ ሥራ ወደ ባላባትነት የወጡ ናቸው፤ ከዚያ በኋላ ከ600 ዓመት በላይ መንደሯ የእነሱ ነበረች። ግንቡ በ1544 ተዘርፎ እንደገና ታነጸ። ከጎኑ ባለው የቅዱስ ዶናቶ ቤተ ክርስቲያን የቤተሰቡ መቃብር አለ።

የመጨረሻው መስፍን ካርሎ ታንክሬዲ ፋሌቲ ነው። ባለቤቱ ጁልየት ኮልበርት፣ ጣሊያኖች ጁሊያ የሚሏት፣ የፈረንሳይ ተወላጅ ስትሆን የንጉሥ ሉዊ 14ኛ ሚኒስትር የነበረው ኮልበርት ዘር ናት። ልጅ አልነበራቸውም፤ ሀብታቸውን ለድሆች አዋሉት። ጁሊያ በቱሪን የሴቶች እስር ቤቶች ውስጥ ገብታ የእስረኞቹን አያያዝ ለማሻሻል ደክማለች። በ1834 ከባሏ ጋር የቅድስት አና እህቶች ማኅበርን መሠረተች። በኦስትሪያ እስር ቤት ዓመታት ያሳለፈውን ጸሐፊ ሲልቪዮ ፔሊኮን ከተፈታ በኋላ አስጠግታ፣ የቤተ መጻሕፍትና የጽሕፈት ሥራዋን ሰጠችው። ወደ መንደሯ ግንብም ይመጣ ነበር፤ ስሙ ከግንቡ ቤተ መጻሕፍት ጋር ዛሬም ይነሳል። በ2015 የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ጁሊያን «የተከበረች» በሚለው የቅድስና እርከን ላይ አስቀምጣታለች። ስለ ወይን ጠጅ እመቤትነቷ ብዙ ይወራል፤ ሰው ሊያስታውሳት የሚገባው ግን ከሁሉ በፊት ለእስረኞቹ በሠራችው ነው።

ወይን ጠጁ ዛሬ ያለበትን መልክ የያዘው በእሷ ዘመን ነው። ከዚያ በፊት ከዚሁ ፍሬ የሚጠመቀው ጣፋጭ፣ አንዳንዴም አረፋ ያለው መጠጥ ነበር። ሰዎች ጣፋጭ ስለወደዱ ብቻ አልነበረም። ወይኑ የሚለቀመው በኦክቶበር መጨረሻ ነው፤ ጭማቂው ሳይፈላ ኖቬምበር ይገባና ምድር ቤቱ ይበርዳል፤ እርሾው በብርድ ይተኛል፤ ስኳሩም ሳይበላ ይቀራል። በጸደይ ሲሞቅ እርሾው እንደገና ነቅቶ ጠርሙስ ውስጥ ይፈላል። ገንዳዎቹ ሲከደኑ፣ ምድር ቤቱ ሲጸዳና ሙቀቱ ሲጠበቅ ጭማቂው እስከ መጨረሻው ፈልቶ ደረቅ ወይን ጠጅ ሆነ። ይህን ለውጥ ያመጣው ፈረንሳዊው ሉዊ ኡዳር ነው ሲባል ብዙ ዘመን ተጽፏል። የቅርብ ጊዜ ተመራማሪዎች ግን በ1835 የወይን አጠማመቅ መመሪያ ያሳተመውን ጣሊያናዊ ፓኦሎ ፍራንቸስኮ ስታልዬኖን ያስቀድማሉ። ስታልዬኖ የሠራው በጎረቤቷ ግሪንዛኔ፣ በካቭር ርስት ላይ ነበር። ካቭር በኋላ የጣሊያንን አንድነት የመራው ሰው ነው፤ ከ1832 እስከ 1849 ድረስ የግሪንዛኔ ከንቲባ ነበር።

ስለ ጁሊያ የሚተረክ አንድ ነገር ሳይጠቀስ አይታለፍም። ንጉሥ ካርሎ አልቤርቶ «ያን ወይን ጠጅሽን መቼ ታቀምሽኛለሽ?» ቢላት፣ 325 በርሜል በሠረገላ አሰልፋ ወደ ቱሪን ላከችለት ይባላል። ለዓመቱ ቀን ሁሉ አንድ አንድ፣ የጾሙ 40 ቀን ሲቀነስ። ንጉሡም ከዚያ ወዲህ በቬርዱኖ የራሱን ርስት ገዛ። ልጁ ቪቶርዮ ኢማኑኤሌ 2ኛ ደግሞ በሰራሉንጋ የፎንታናፍሬዳን ርስት ያዘ። «የነገሥታት ወይን ጠጅ፣ የወይን ጠጆች ንጉሥ» የሚለው አባባል ሥሩ እዚህ ነው።

ጁሊያ በ1864 ስታርፍ ሀብቷ በኑዛዜ ኦፔራ ፒያ ባሮሎ ለተባለ የበጎ አድራጎት ድርጅት ተላለፈ። ግንቡ ከ1875 እስከ 1958 የአዳሪ ተማሪ ቤት ነበር። በ1970 ማዘጋጃ ቤቱ ከሕዝብ በተዋጣ ገንዘብ ገዝቶ የመንደሯ ንብረት አደረገው።

የድህነቱ ዘመን

የዛሬውን ብልጽግና የሚያይ ሰው ላንጌ ከጥቂት አሥርት ዓመታት በፊት ምን ያህል የደኸየ አገር እንደነበር ለማመን ይቸገራል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ፊሎክሴራ የተባለው ሥር በል ተባይ ወደ ፒየሞንቴ ገባ፤ መድኃኒቱ ወይኑን ተባዩን በሚቋቋም የአሜሪካ ወይን ሥር ላይ መክተብ ብቻ ነበር። ከዚያ ሁለቱ የዓለም ጦርነቶች መጡ፤ በ1944 አልባን ፓርቲዛኖች የተባሉት ፀረ ፋሺስት ታጋዮች ለ23 ቀን ይዘው ነበር፣ ኮረብቶቹም የሽምቅ ውጊያ ቦታ ሆኑ። ብዙ ቤተሰብ መሬቱን የሚያርሰው በእኩል አራሽነት ነበር፤ ምርቱን ከባለርስቱ ጋር ይካፈላል። አዲስ የእኩል አራሽ ውል በጣሊያን ሕግ የተከለከለው በ1964 ነው።

የራሱ መሬት ያለው ገበሬም ቢሆን ወይኑን እንጂ ወይን ጠጁን አይሸጥም ነበር። በአዝመራ ጊዜ ደላሎች አልባ አደባባይ ላይ ዋጋ ይቆርጣሉ፤ የተለቀመ ፍሬ ደግሞ ማደር ስለማይችል ገበሬው የተሰጠውን ይቀበላል። ነጋዴዎቹ የልዩ ልዩ መንደሮችን ወይን ቀላቅለው በራሳቸው ስም ያሽጋሉ። ስለዚህ ወጣቱ ወደ ቱሪን ፋብሪካዎች ሄደ። በአልባ የተከፈተው የፌሬሮ የቸኮሌት ፋብሪካ ግን ሠራተኞቹን በአውቶቡስ ከየመንደሩ አምጥቶ ማታ ይመልሳቸው ስለነበር፣ ሰው ደመወዝ እያገኘ እርሻውን ሳይለቅ ኖረ። ኮረብቶቹ ሰው አልባ ሆነው ያልቀሩት በከፊል በዚህ ነው። ከ1960ዎቹ ጀምሮ ገበሬው ራሱ መጥመቅና በራሱ ስም ማሸግ ያዘ፤ የመንደሯን መልክ የለወጠው ይህ ነው።

በ1986 በጎረቤቷ ናርዞሌ ሜታኖል የተጨመረበት ርካሽ ወይን ጠጅ ተሽጦ በጣሊያን ከ20 ሰው በላይ ሞተ። ባሮሎ አልነበረበትም፤ ሆኖም የጣሊያን ወይን ጠጅ ሁሉ ገበያ አጣ። ቁጥጥሩ የጠበቀው፣ ርካሽና ብዙ የማምረት ሐሳብም የተተወው ከዚያ በኋላ ነው።

የዓመቱ ሥራ

ባሮሎ የሚጠመቀው ኔቢዮሎ ከተባለ አንድ የወይን ዓይነት ብቻ ነው። ኔቢያ ጭጋግ ማለት ነው፤ ስሙን ከአዝመራው ወራት ጭጋግ አገኘ ይባላል። ዓይነቱ አስቸጋሪ ነው፦ በኤፕሪል ከሌሎቹ ቀድሞ ስለሚያቆጠቁጥ ውርጭ ያገኘዋል፤ በኦክቶበር ከሌሎቹ ዘግይቶ ስለሚበስል ደግሞ የመጸው ዝናብ ያገኘዋል።

መግረዙ በክረምት ይሠራል። በቅርንጫፉ ሥር ያሉት የመጀመሪያዎቹ ሁለት ሦስት እምቡጦች ፍሬ አይሰጡም፤ ስለዚህ አሳጥሮ የገረዘ ሰው ቅጠል እንጂ ወይን አያገኝም። ከእያንዳንዱ ግንድ አንድ ረጅም ቅርንጫፍ፣ ከ8 እስከ 10 እምቡጥ ያለው፣ ይተውና ጎንበስ ተደርጎ በሽቦው ላይ ይታሰራል። ማሰሪያው በድሮው ልማድ የአኻያ ቀንበጥ ነው። በሄክታር ከ4,000 እስከ 5,000 ግንድ ይተከላል። ረድፎቹ ኮረብታውን እንደ ቀበቶ ተከትለው ይዞራሉ፤ ይህ ጎርፍ አፈሩን እንዳይጠርግ ይረዳል፣ ትራክተርም እንዳይገለበጥ ያደርጋል። ሆኖም ሸክላው ውኃ ሲጠግብ ረድፉ በሙሉ ተንሸራቶ የሚወርድበት ጊዜ አለ።

ከሜይ እስከ ኦገስት በሽታን መከላከል ነው፦ ለቅጠል ሻጋታ መዳብ፣ ለነጭ አመዳይ ድኝ ይረጫል። ከዝናብ በኋላ ሁለት ቀን የዘገየ ሰው ዓመቱን ሊያጣ ይችላል። የቅጠሉን ቀለም የሚለውጥና ግንዱን የሚያደርቅ «ፍላቬሼንሳ ዶራታ» የተባለ በሽታም አለ፤ ከቅጠል ወደ ቅጠል የሚዘል ትንሽ ነፍሳት ያዛምተዋል፤ መድኃኒት ስለሌለው የታመመው ግንድ ተነቅሎ ይቃጠላል። በጁላይና በኦገስት ከየግንዱ የተወሰነው ዘለላ ተቆርጦ ይጣላል። ለአሮጌ ገበሬ ይህ ኃጢአት ነበር፤ እህል መሬት ላይ እንደ መጣል ነው። ሕጉ ግን በሄክታር ከ80 ኩንታል በላይ አይፈቅድም፤ ዘለላ የበዛበት ግንድ ደግሞ ሳያበስለው ክረምት ይደርስበታል።

የበረዶ ጠጠር የዘነበበት ዓመት ሌላ ነው። በ1986 እና በ2002 የበረዶ ጠጠር ብዙ ወይን አውድሟል፤ በ2002 አንዳንድ ጠማቂዎች ጭራሽ ባሮሎ አላወጡም። 1971፣ 1978፣ 1989፣ 2010 እና 2016 በአንጻሩ ታላላቅ ዓመታት ናቸው። አሁን ሥጋቱ ሙቀት ሆኗል። አዝመራው ወደ ሴፕቴምበር መጨረሻ እየተጠጋ ነው፤ ዘለላው ፀሐይ እንዲያገኝ ይነቀል የነበረው ቅጠል ዛሬ ፍሬው እንዳይጠበስ ይተዋል፤ ድሮ አያበስልም ተብሎ የተናቀ ከፍተኛ ቦታም ተፈላጊ ሆኗል።

አጠማመቁ

ፍሬው 20 ኪሎ ያህል በሚይዝ ሳጥን ይለቀማል፤ በትልቅ ዕቃ ከተከመረ የላይኛው የታችኛውን ጨፍልቆ መንገድ ላይ መፍላት ይጀምራል። ከግንጫው ተለይቶ ወደ ገንዳ ይገባና በ28 እና በ32 ዲግሪ መካከል ይፈላል። ከ35 ካለፈ እርሾው ሞቶ ስኳሩ ይቀራል፤ ያን ጊዜ የኮምጣጤ ባክቴሪያ ይገባበታል። ገለፈቱ በጋዙ እየተገፋ ላይ ስለሚንሳፈፍ ጭማቂው ከታች እየተቀዳ በላዩ ይፈስበታል። አሮጌው የመንደሯ ዘዴ ደግሞ መፍላቱ ሲበርድ ገለፈቱን በእንጨት ርብራብ ወደ ታች ተጭኖ፣ 30 እስከ 50 ቀን ድረስ በወይን ጠጁ ውስጥ ዘፍዝፎ መተው ነው።

ከዚያ ወደ በርሜል ይሄዳል። በርሜሉ ከ2,000 እስከ 5,000 ሊትርና ከዚያም በላይ የሚይዝ፣ ከስላቮንያ ኦክ እንጨት የተሠራ «ቦቴ» ነው። ወይን ጠጁ በእንጨቱ ቀዳዳ ስለሚተን በየጊዜው ይሞላል፤ ይህን የረሳ ጠማቂ በርሜሉ አናት ላይ አየር ገብቶ ወይን ጠጁ ይኮመጥጥበታል። በደንብ ያልታጠበ አሮጌ በርሜል ደግሞ የበረት ሽታ ይሰጣል፤ ይህን «የባሕል ጣዕም» ብሎ የሚያወድስ አለ፣ ስሕተት ግን ስሕተት ነው።

ሕጉ ከአዝመራው ዓመት ኖቬምበር 1 ጀምሮ ቢያንስ 38 ወር እንዲቆይ ያዛል፤ ከዚያ ውስጥ 18ቱ ወር በእንጨት ውስጥ ነው። «ሪዘርቫ» ለመባል 62 ወር ያስፈልጋል። የአልኮል መጠኑ ከ13 በመቶ አያንስም። ቀለሙ በተፈጥሮ ፈዛዛ ነው፤ በዕድሜ ወደ ጡብ ቀለም ይሄዳል። ጥቁር ወይን ጠጅ የሚፈልግ ገዥ ስላለ ሌላ ዓይነት ወይን ጣል የማድረግ ፈተና ሁሌም አለ፤ ይህ ግን ወንጀል ነው።

በ1980ዎቹ የአጠማመቅ ጉዳይ አባትና ልጅን አጣልቷል። በላ ሞራ ኤልዮ አልታሬ የተባለ ወጣት በ1983 የአባቱን አሮጌ በርሜሎች በመጋዝ ቆራርጦ፣ 225 ሊትር በሚይዙ፣ ባሪክ በሚባሉ አዳዲስ የፈረንሳይ በርሜሎች ተካቸው። እሱና ጓደኞቹ የመዘፍዘፊያውን ጊዜ ወደ ጥቂት ቀን አሳጥረው ቶሎ የሚጠጣ ባሮሎ አወጡ፤ የአሜሪካ ገበያም በእነሱ ተከፈተ። በባሮሎ በሮማ ጎዳና ላይ የሚጠምቀው ባርቶሎ ማስካሬሎ ደግሞ እስከ ዕለተ ሞቱ፣ እስከ 2005፣ ትንሽ በርሜል አላስገባም፤ የአራት ቦታ ወይን እንደ አባቶቹ ቀላቅሎ ይጠምቅ ነበር። በእጁ በሣለው የጠርሙስ ወረቀት ላይ «ባሪክ የለም፣ ቤርሉስኮኒ የለም» ብሎ ጻፈ፤ ቤርሉስኮኒ የጣሊያን ፖለቲከኛ ነበር። ዛሬ ሁለቱ ወገኖች ተቀራርበዋል፦ ከአንዱ ንጽሕና፣ ከሌላው ትዕግሥት ተወስዷል። አዲስ እንጨት የወይኑን ሽታ ይሸፍን ስለነበር ትልቁ በርሜል መመለሱ የሚያስደስት ነው።

ስምና ድንበር

በ1934 የአምራቾች ማኅበር ተቋቋመ፤ በ1966 ስሙ በሕግ ታጠረ፤ በ1980 የመጨረሻውን የዋስትና ደረጃ አገኘ። ባሮሎ፣ ካስቲልዮኔ ፋሌቶና ሰራሉንጋ በሙሉ፣ ላ ሞራ፣ ሞንፎርቴ፣ ኖቬሎ፣ ቬርዱኖ፣ ግሪንዛኔ ካቭር፣ ዲያኖ፣ ሮዲና ኬራስኮ በከፊል ተካተዋል። በ2010 ደግሞ በጠርሙስ ላይ ሊጻፉ የሚችሉ 181 የቦታ ስሞች ተመዘገቡ።

የካኑቢ ጉዳይ የፈነዳው ያኔ ነው። ዋናው ካኑቢ 15 ሄክታር ገደማ ነው። አዲሱ ደንብ ግን በዙሪያው ያሉት ቦስኪስ፣ ሙስካቴል፣ ሳን ሎሬንዞና ቫሌታም እንዲሁ ካኑቢ ብቻ ብለው እንዲጽፉ ፈቀደና ስሙ 34 ሄክታር ላይ ተዘረጋ። የዋናው ካኑቢ አምራቾች ከሰሱ፤ በ2012 ረቱ፤ በ2013 ከፍተኛው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ውሳኔውን ገለበጠው። ከፍ ባለ ስም ያለ መሬት በሄክታር ከ1 ሚሊዮን ዩሮ በላይ በሚሸጥበት አገር የአንድ ቃል ድንበር ቀላል ነገር አይደለም። በዚህ ዋጋ የመንደሯ ወጣት መሬት ሊገዛ አይችልም፤ የሚወርስ ይቀጥላል፣ የማይወርስ ለሌላ ይሠራል። ግረዛውንና ለቀማውን ዛሬ በብዛት የሚሠሩት ከውጭ የመጡ፣ በተለይም ከሰሜን መቄዶንያ የመጡ ሰዎች ናቸው።

ለሚጎበኛት

በ2014 የላንጌ፣ የሮኤሮና የሞንፌራቶ የወይን መልክዓ ምድር በዩኔስኮ ተመዝግቧል። በግንቡ ውስጥ ከ2010 ጀምሮ የወይን ጠጅ ሙዚየም አለ፤ ከሥሩ ባለው ምድር ቤት ከ1982 የቆየ የክልሉ የወይን ጠጅ መሸጫና መቅመሻ ይገኛል። የቡሽ መንቀያዎች ሙዚየምም አላት። ባቡር አይገባባትም፤ ቅርቡ ጣቢያ አልባ ነው። አብዛኞቹ ጠማቂ ቤቶች ያለ ቀጠሮ አይቀበሉም፤ በአዝመራ ሳምንታት ደግሞ ቀጠሮም ላይገኝ ይችላል።

ጠርሙስ የሚገዛ ሰው አንገቱ ላይ ቁጥር ያለው የመንግሥት ማኅተም መኖሩን ይይ። «ባሮሎ» ብቻ ከሆነ ከ11ዱ መንደሮች ከየትኛውም ሊሆን ይችላል፤ የቦታ ስም ከተጨመረ ከዚያ ቦታ ነው። ጠርሙሱ በጨለማ፣ በ12 እና በ14 ዲግሪ መካከል፣ ተጋድሞ ይቀመጣል። ሊጠጣ ሲል አንድ ቀን ቀደም ብሎ ይቁም፤ አተላው ይረጋል። ወጣቱ ባሮሎ ሁለት ሦስት ሰዓት አየር ይፈልጋል፤ 30 ዓመት ያለፈው ግን ብዙ አየር ሽታውን ስለሚያጠፋው በዝግታ፣ ጠርሙሱን ሳያናውጡ ይቀዳል። የመጨረሻው ሁለት ጣት ያህል ከነአተላው እዚያው ይቀራል።